ባዶውን ቦታ አትሙሉት

ድሬዳዋ ቀትር ላይ ሱቋን ዘግታ ታርፋለች፤ ወሬዋ የሚጥመው ፀሐይዋ ስትበርድ ነው። ይህ ምልልስ የታሰበው በዚያ ሰዓት፣ ሳቢያን ውስጥ፣ በአንድ ግቢ በረንዳ ላይ ነው። ተናጋሪዎቹ ጡረታ የወጣ የታሪክ መምህርና በወንጀል ጉዳይ የምትቆም ጠበቃ ናቸው። ሁለቱን የፈጠራቸው ጸሐፊው ነው፤ የሚያነሷቸው ፊልሞች፣ ፍርዶችና ቀኖች ግን በእውን የነበሩ ናቸው። የሚከራከሩበት ጉዳይ አንድ ነው፦ ሰው ተወስዶበት ገዳዩ ያልታወቀ፣ ሬሳው ያልተገኘ ቤተሰብ ካሜራ አንስቶ የራሱን ፊልም ቢሠራ ምን ይረባዋል?

ጠበቃዋ፦ ጋሼ፣ እኔ ነገር አላንዛዛም። ያልተፈታ ወንጀል ላይ ፊልም የሚሠራ ሰው ወይ ወንጀለኛውን ያግኝልኝ፣ ወይ ይተወው። ኤሮል ሞሪስ የሚባል አሜሪካዊ በ1988 እ.ኤ.አ. «ዘ ቲን ብሉ ላይን» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም አወጣ። ፖሊስ ገድለሃል ተብሎ የታሰረ ራንዳል አዳምስ የሚባል ሰው ያለ ጥፋቱ እንደተፈረደበት አሳየበት፤ ሰውየው በዓመቱ ተፈታ። ካሜራ ሥራ ሠራ ማለት ይኼ ነው። አንተ የምታመሰግናቸው ደግሞ ሌላ ዓይነት ናቸው። ባለ ፊልሟ ወንድሜ ጠፋብኝ ትላለች፣ በራሷ ድምፅ ትተርካለች፣ የቤተሰብ ፎቶ ታሳያለች፣ ታሰላስላለች። ፊልሙ ሲያልቅ ግን ማን ገደለው? የት ተቀበረ? መልስ የለም። እኔ እንዲህ ያለ ክስ ይዤ ችሎት ብቆም ዳኛው መዝገቡን ዘግቶ ያሰናብተኛል።

መምህሩ፦ የሳሌም መኩሪያን «የወንዝ ማዕበል» ማለትሽ ነው። አዲስ አበባ ተወልዳ አሜሪካ ዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማረች ባለሙያ ናት፤ ፊልሙን የሠራችው በ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. አጋማሽ ላይ ነው። ወንድሟ በቀይ ሽብር ዘመን ደብዛው ጠፋ፣ የልብ ጓደኛዋ ተገደለች። እውነትሽን ነው፣ ገዳይ አልያዘችም። የሞሪስ ጉዳይ ከእኛ የሚለየው ግን እዚህ ላይ ነው። እዚያ ሬሳ አለ፣ የፖሊስ መዝገብ አለ፣ ምስክር አለ፣ ፍርድ አለ፤ የተጣመመው ፍርዱ ብቻ ነው፣ ካሜራውም የሚያቃናው ነገር አገኘ። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. ከየቤቱ ተጠርቶ የቀረው ሰው ግን ወይ መዝገብ የለውም፣ ወይ መዝገቡን የጻፉት ገዳዮቹ ራሳቸው ናቸው። ሰውን መሰወር ደግሞ ከመግደል የከፋ አንድ ነገር አለበት። ቤተሰቡ ሞተ ብሎ እንዳያለቅስ፣ አለ ብሎም እንዳይጠብቅ ያደርገዋል። እናት እርሟን አታወጣም። ክርስቲያኑ ተዝካር፣ ሙስሊሙ ሰደቃ የሚያወጣበት ቀን የለውም። ስለዚህ ወንጀሉ ትቶት የሚሄደው ነገር ባዶ ቦታ ነው። ጥይት ያለበት ሬሳ የግድያ ማስረጃ እንደሆነ ሁሉ፣ ያ ባዶ ቦታ የመሰወር ማስረጃ ነው። ፊልም ሠሪው በግምት ከሞላው ማስረጃ አጠፋ እንጂ ወንጀል አልፈታም። እኔ የምለው ይህንኑ ነው፤ ሌላ የተራቀቀ ነገር የለኝም።

ጠበቃዋ፦ ቃሉ ያምራል። ተመልካች ግን ባዶ ቦታ ለማየት አይቀመጥም። በየቴሌቪዥኑ ያለውን የወንጀል ዝግጅት ተመልከት፦ ተዋናይ አለ፣ ጨለማ አለ፣ የሚያስበረግግ ሙዚቃ አለ፣ በር ይንኳኳል፣ ሰው ይወሰዳል። ሕዝቡ ያያል፣ ይቆጣል፣ ጥቆማም ይመጣል። ያንተኞቹ የሙከራ ፊልሞች ለማን ነው የሚሠሩት? ፌስቲቫል ለሚዞር ፈረንጅ ካልሆነ በቀር!

መምህሩ፦ አቦ፣ ወደ ራሳችን ታሪክ እንመለስ። ድሮ ሌባ ሲጠፋ ሁለት መንገድ ነበረን። አንዱ ሌባሻይ ነው። ለአንድ ልጅ መድኃኒት ያጠጡታል፤ ልጁ እየተንገዳገደ ይነዳና ከአንዱ ደጃፍ ይወድቃል። የቤቱ ባለቤት ሌባ ተባለ፣ ከፈለ። ሁሉም ሰው አየ፣ ሁሉም አመነ፤ ማስረጃ ግን አልነበረም፣ ኋላም ነገሩ በመንግሥት ታገደ። ሁለተኛው አውጫጭኝ ነው፤ አፈርሳታ የሚሉትም አለ። የአካባቢው ሰው በሙሉ ይሰበሰባል፣ የቀረ ይቀጣል፣ የሚያውቅ ካለ በወፍ በኩልም ቢሆን ያወጣል፣ ጥፋተኛው ካልተገኘም አገሬው ተባብሮ የተበደለውን የሚክስበት ሥርዓት ነበር። ልዩነቱን ታያለሽ? ሌባሻይ የግድ መልስ ይሰጣል፤ መልሱ እውነት ይሁን አይሁን ግድ የለውም። አውጫጭኝ መልስ ሊያጣ ይችላል፤ ነገር ግን «አላየሁም፣ አልሰማሁም» የሚል ሰው ሁሉ በሰው ፊት ቆሞ እንዲናገረው ያስገድዳል። ተዋናይ ይዞ በር የሚያንኳኳው ዝግጅት ሌባሻይ ነው። በዚያች ሌሊት በሩን ማን እንዳንኳኳው፣ በእግር ይሁን በላንድሮቨር እንደመጡ፣ ሰውየው ምን ብሎ እንደወጣ የሚያውቅ የለም። ዳይሬክተሩ ግን ያውቃል! አንዴ ካየነው በኋላ ያ ተዋናይ የሟቹን ፊት ይተካዋል፤ ልጆቹ እንኳ አባታቸውን ሲያስቡ ተዋናዩ ይመጣባቸዋል።

ጠበቃዋ፦ ካምቦዲያዊው ሪቲ ፓንስ? «የጠፋው ምስል» በተባለው የ2013 እ.ኤ.አ. ፊልሙ ክመር ሩዦች የፈጁበትን ቤተሰቡን ከጭቃ እየሠራ አስቀመጠ አይደል? አንተው ነህ የምታደንቀው። እሱ ባዶውን አልሞላም?

መምህሩ፦ በጭቃ ሞላው፤ ጭቃ ደግሞ ጭቃ መሆኑን አይደብቅም። ቅርጾቹ አይንቀሳቀሱም፣ አይናገሩም። ያንን አይቶ «እንዲህ ነበር የሆነው» የሚል ተመልካች የለም፤ «ምስሉ የለም» ነው የሚለው፣ የፊልሙ ርእስም እሱ ነው። የሙከራ ፊልም የምንለው ነገር ጥቅሙ እዚህ ላይ ይታየኛል፤ የሚያውቀውንና የማያውቀውን በቅርጹ ይለያል። አንዳንዱ ዝም ብሎ መራቀቅ መሆኑን አልክድም፤ ትርጉም የሌለው ጭጋግ አንድ ሰዓት ሙሉ አሳይቶ ጥልቅ ነኝ የሚል ሞልቷል። ግን ጄሲካ በሺር ሐረር ላይ የሠራችውን «ፋያ ዳዪ» ውሰጂ፤ በ2021 እ.ኤ.አ. የወጣ፣ ጥቁርና ነጭ፣ የሚያስረዳ ተራኪ የሌለው፣ ስለ ጫትና ስለሚሰደዱ ልጆች የሚናገር። አንድም ነገር በቅደም ተከተል አያስረዳም። የዚህ አገር ሰው ግን ቅጠሉ ሲታሰር፣ ጭሱ ሲወጣ ሲያይ የማንን ቤት እንደሚያይ ያውቀዋል። ስለዚህ አስቸጋሪ ቅርጽ ሁሉ ለፈረንጅ ነው የሚለው ክስ አይጸናም።

ጠበቃዋ፦ እሺ፣ ቅርጹን ልተውልህ። ወደ እኔ ሜዳ ና። ቀይ ሽብር ያልተፈታ ወንጀል ነው ስትል እንደ ሕግ ሰው አልቀበልህም። በአዋጅ ቁጥር 22/1984 ልዩ ዐቃቤ ሕግ ተቋቋመ። ከ300 ሺህ ገጽ በላይ ሰነድ ሰበሰበ፤ 5,198 ሰው ከሰሰ። የደርግ ባለ ሥልጣናት ችሎት በታኅሣሥ 1987 ተከፈተ፤ ታኅሣሥ 3 ቀን 1999 በዘር ማጥፋት ጥፋተኛ ተባሉ፤ በጥር ወር መንግሥቱ ኃይለ ማርያም በሌለበት ዕድሜ ልክ ተፈረደበት፤ በ2000 ቅጣቱ በይግባኝ ወደ ሞት ከፍ አለ። ውጭ አገርም አልቀረም፤ በ2017 እ.ኤ.አ. ዘ ሄግ ላይ እሸቱ ዓለሙ ደብረ ማርቆስ ላይ በ1970 ስለተገደሉት 75 እስረኞች ዕድሜ ልክ ተፈረደበት። ያ ሁሉ በሰነድና በምስክር የሆነ ነው፤ በቤተሰብ ትዝታና በፎቶ አልበም አይደለም።

መምህሩ፦ አንድም አልተሳሳትሽም። ፍርዱ ግን የመለሰው ጥያቄ «ማን አዘዘ?» የሚለውን ነው። ቤተሰብ የሚጠይቀው ሌላ ነው፦ የእኔን ልጅ ማን ወሰደው? የት ጣለው? የኢሕአፓ አባላትን በጅምላ ማጥፋት ወንጀል ነው ተብሎ ሲፈረድ፣ አንድ ስም ያለው ልጅ በዚያ ፍርድ ውስጥ ቁጥር ነው። እንኳን ስሙ ያልታወቀ የሰፈር ልጅ፣ ደራሲውን በዓሉ ግርማን የሚያህል ሰው ምን ሆነ? «ኦሮማይ» በወጣ በዓመቱ ገደማ፣ የካቲት 6 ቀን 1976፣ ከቤቱ ወጣ፣ አልተመለሰም። ቮልስዋገኑ በደብረ ዘይት መንገድ፣ ቃሊቲ አካባቢ ቆሞ ተገኘ። መጽሐፉን ያላነበበ ሰው ጥቂት ነው፤ ወዳጅም ጠላትም ነበረው፤ ስለ ጉዳዩ ስንት ተጻፈ! ይኸው እስካሁን መቃብር የለውም። ለእሱ ያልተገኘ መልስ ለአንድ የባቡር ሠራተኛ ልጅ ከየት ይመጣል?

ሰነድ ያልሽውን ደግሞ ልያዘው። ሰነድ የሚያስቀምጠው ማን ነው? በሚያዝያ 1969 መንግሥቱ አብዮት አደባባይ ቆሞ ቀይ ፈሳሽ የሞላባቸውን ጠርሙሶች ሲወረውር የሚያሳየው ፊልም አለ፤ ሁላችንም አይተነዋል። ጠርሙሱ በእጁ ከፍ ሲል፣ ሲሰበር፣ ሕዝቡ ሲያጨበጭብ በደንብ ተቀርጿል። ካሜራው የመንግሥት ነው፣ ቀራጩ የመንግሥት ነው። ከዚያ በኋላ በየቀበሌው ሌሊት የሆነውን የቀረጸ ካሜራ የለም። ዘጋቢ ፊልም ሠሪ በዚህ ዘመን ላይ ልሥራ ካለ እጁ ላይ ያለው ምስል በሙሉ የገዳዩ ምስል ነው። ሟቹ ያለው የትምህርት ቤት ፎቶ አንድ፣ ምናልባት የሠርግ ፎቶ ጥግ ላይ ግማሽ ፊት ነው። ሳሌም የራሷን ድምፅ እዚያ መሐል ያስገባችው ለዚህ ይመስለኛል፤ ያለዚያ ፊልሙን የሚተርከው ጠርሙሱን የሰበረው ሰው ይሆን ነበር።

ጠበቃዋ፦ የራሷ ድምፅ! እዚያው ላይ ነው የምይዝህ። የራስ ድምፅ ማለት ወገንተኛ ድምፅ ነው። ኢሕአፓም በከተማ ገድሏል። በ1969 መጀመሪያ የመኢሶኑ ዶክተር ፍቅሬ መርዕድ በጥይት ሲወድቅ ደርግ አይደለም የተኮሰው። ተራ የቀበሌ ሰው ስንቱ ወደቀ! እህት ስለ ወንድሟ በምትሠራው ፊልም ወንድም ሁልጊዜ ንጹሕ ነው፤ ምናልባት እሱም ሽጉጥ ይዞ ይሆናል።

መምህሩ፦ ይሆናል። ለዚህ ነው ከሌሎቹ ይልቅ የሳሌምን ፊልም የምጠቅሰው። ወንድሟና ጓደኛዋ በተለያየ ጎራ የቆሙ ነበሩ። የሁለቱም ጎራዎች አባላት ይገዳደሉ ነበር፤ በመጨረሻ ሁለቱንም የበላው አንዱ መንግሥት ነው። የምትወጃቸው ሁለት ሰዎች እዚህና እዚያ ቆመው ከሞቱ ወገንተኛ ልሁን ብትዪ እንኳ አትችዪም። ዐቃቤ ሕግ ከሳሽና ተከሳሽ ለይቶ ካላቆመ ክስ የለውም፤ እህትና ጓደኛ የሆነች ሴት ግን ሁለቱን በአንድ ፊልም ታለቅሳቸዋለች። በኋላ ደግሞ «ራፕቸርስ» የሚለውን ሥራዋን በሦስት ስክሪን ጎን ለጎን አድርጋ ሠራችው፤ በ2003 እ.ኤ.አ. ቬኒስ ቢዬናሌ ላይ ታይቷል። አንዱን ስክሪን ስታዪ ሌላው ያመልጥሻል። ይህ መራቀቅ አይደለም። የእኛን የዚያ ዘመን ታሪክ በአንድ ስክሪን የሚያሳይ ሰው ሁለት ሦስተኛውን እየደበቀ ነው። ንጹሕ ነበር የሚል ፊልም ቢመጣ ግን ካንቺ ጋር ሆኜ እቃወመዋለሁ። መሰወር ወንጀል የሚሆነው የተሰወረው ጻድቅ ስለሆነ አይደለም።

ጠበቃዋ፦ ይኼን ተቀበልኩ። አንድ የቀረኝ ግን ከሁሉ ይከብዳል። እነዚህን ፊልሞች የሠሩት እነማን ናቸው? አንዷ አሜሪካ ኮሌጅ መምህርት ናት። «ፋይንዲንግ ሳሊ»ን በ2020 እ.ኤ.አ. ያወጣችው ታማራ ማርያም ዳዊት ካናዳ ያደገች ናት፤ የጠፋችው አክስቷ የአምባሳደር ልጅ ነበረች። ፎቶ አላቸው፣ ደብዳቤ አላቸው፣ ፓስፖርት አላቸው፣ ፊልሙን የሚገዛ ቴሌቪዥን አላቸው። ገንደ ቆሬ ወይም መጋላ ልጇ የቀረባት እናት ምን አላት? ፎቶውን እንኳ ፈርታ አቃጥላው ይሆናል። ታዲያ ያንተ ባዶ ቦታ የሚታየው ዙሪያውን ክፈፍ መግዛት ለቻለ ሰው ብቻ ነው።

መምህሩ፦ ይህን መመለስ አልችልም፤ ማለቴ ሙሉ በሙሉ አልችልም። የተማረውና የከበረው ሰው ሞት በፊልምም በመጽሐፍም ይበልጣል፤ ሐቅ ነው። ድሬዳዋ ላይ ደግሞ ነገሩ የባሰ ነው። ነሐሴ 1969 የሶማሊያ ጦር እዚህ በር ላይ ነበር። ያን ዓመት የቀረ ሰው በጦርነት ይሁን፣ በአብዮት ጥበቃ ይሁን፣ ድንበር ተሻግሮ ይሁን፣ ቤተሰቡ በምን ይለየዋል? «ሰርጎ ገብ» የምትል ቃል ብቻ ትበቃ ነበር። ሁለት ግፍ ተደርቦ አንዱ የሌላውን ዱካ አጠፋው። ስለ አዲስ አበባ ቀይ ሽብር ብዙ ተጽፏል፣ መስቀል አደባባይ ላይ ሙዚየም አለው፤ የአርጀንቲና የአፅም ባለሙያዎችም መጥተው የጅምላ መቃብር ቆፍረዋል። የእኛ ከተማ የዚያ ዘመን ታሪክ በብዛት ያለው በሰው አፍ ነው፤ ሰውም እያለቀ ነው።

ግን ከ«ፋይንዲንግ ሳሊ» አንድ ነገር ልውሰድ። ታማራ ሳሊ የምትባል አክስት እንደነበረቻት የሰማችው አዋቂ ከሆነች በኋላ ነው። አያቷም አክስቶቿም ስሟን አያነሡም ነበር። የአምባሳደሩም ቤት ዝም ነበር! ፓስፖርትና ደብዳቤ ዝምታውን አልሰበሩትም፤ የሰበረው አንዲት ልጅ ካሜራ ይዛ «ለምን አልነገራችሁኝም?» ማለቷ ነው። ያ ጥያቄ ገንዘብ አይጠይቅም። ሳቢያን ውስጥ ስልክ የሌለው ወጣት አታገኚም። ተዋናይ መቅጠር፣ የዘመኑን መኪና መከራየት፣ ልብስ ማሰፋት የሚያስፈልገው የሌባሻዩ ዓይነት ፊልም ነው። የእኔው የሚፈልገው አንዲት አሮጊት፣ አንድ ወንበርና ጥሩ ማይክ ነው። ፎቶው ተቃጥሎ ከሆነ የተቃጠለበትን ቦታ ያሳይ፤ «እዚህ ምድጃ ላይ አቃጠልኩት» የምትል እናት ከየትኛውም ፎቶ በላይ ዘመኑን ትመሰክራለች።

ጠበቃዋ፦ ቆይ ቆይ፣ እዚህ ላይ ጥብቅና ልሥራ። ያቺ አሮጊት «የወሰደው እገሌ ነው» ብላ በካሜራ ፊት ስም ብትጠራስ? ሰውየው በሕይወት ካለ ስም ማጥፋት ነው ብሎ ይከሳል፤ እውነት ከሆነ ደግሞ ልጁ ምን አጠፋ? እዚሁ ሰፈር ይኖራል። ክስ ቢመሠረት እንኳ ተከላካይ ጠበቃ ፊልሙን አንስቶ «ምስክሯ በዳይሬክተር ተሰብካለች» ይላል፤ እኔም ተከላካይ ብሆን እለዋለሁ። ምስክርነት አንዴ ለሕዝብ ከተነገረ ይበላሻል።

መምህሩ፦ ላንቺም ለእኔም የሚበጅ መንገድ ያለ ይመስለኛል። ስሙ ፊልሙ ውስጥ አይገባም፤ የተቀረጸው ሳይቆረጥ ግን ይቀመጣል፣ ቀኑና ቦታው ይጻፍበታል፣ አንድ ቅጂ ከቤተሰቡ ውጭ ይቀመጣል። ፊልሙ ለሰው ነው፣ ጥሬ ቅጂው ለሕግ ነው። አትላንታ ላይ የሆነውን አስታውሺ፤ አንዲት ኢትዮጵያዊት በምትሠራበት ሆቴል ውስጥ ያሠቃያትን የከፍተኛ 9 ሊቀ መንበር ዓይኗ አየው። በ1993 እ.ኤ.አ. የአሜሪካ ፍርድ ቤት ለሦስት ሴቶች 1.5 ሚሊዮን ዶላር ፈረደላቸው። ክሱን የወለደው ዐሥር ዓመት ከዚያም በላይ በአንዲት ሴት አእምሮ ውስጥ የቆየ ፊት ነው፤ ሰነዱና ምስክሩ የተሰለፉት ከዚያ በኋላ ነው። የቤተሰብ ትዝታ ችሎት አይገባም ላልሽው ይህ መልስ ይሁንሽ።

ጠበቃዋ፦ ስሙ ካልገባ፣ ተዋናይ ከሌለ፣ ጥሬው ከተቀመጠ እኔ መከራከሪያ የለኝም። አንድ ግን እጨምርበታለሁ፤ ባለ ፊልሙ በመጨረሻ ላይ «እናቴ ሰላም አገኘች» ብሎ እንዳይዘጋው። ሕጉ ያልዘጋውን እሱ ምን አግብቶት ይዘጋዋል? የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 28 ሰውን አስገድዶ መሰወር በይርጋ አይታገድም፣ በምሕረትም በይቅርታም አይታለፍም ይላል። የሃምሳ ዓመት ጉዳይ ነው ብሎ የሚያሳፍረኝ ዐቃቤ ሕግ ቢኖር ይህን አንቀጽ አነብለታለሁ።

መምህሩ፦ እንግዲያው ልጆቹን እንጥራቸው። ፊልሙ ይቆያል፤ መጀመሪያ የሚሠራው ሥራ ትንሽ ነው። ቤታችሁ ከዚያ ዘመን የተረፈ ፎቶ ካለ ስሙን፣ የተወሰደበትን ቀንና ቤቱ የነበረበትን ሰፈር ከጀርባው ጻፉበት፤ ጽፋችሁም በስልካችሁ አንሱት። የሚያውቁት ሰዎች ሰባን አልፈዋል፤ ዘንድሮ ጠይቋቸው።